መንገዱ ለማን፣ በማን መሬት ላይ?

መንገድ ዝም ብሎ የተዘረጋ ድንጋይና አስፋልት አይደለም። አንድ ኅብረተሰብ የጋራ ሀብቱን በምን ላይ ለማዋል እንደወሰነ፣ የማንን ጊዜ እንዳከበረና የማንን ደጃፍ እንደረገጠ ከማናቸውም መግለጫ በበለጠ የሚመሰክር የውሳኔ ሰነድ ነው። ይህን ሰነድ ማንበብ የሚችለው በላዩ ላይ እየበረረ የሚያልፍ መንገደኛ ሳይሆን ዳር ዳሩን ይዞ በዝግታ የሚሄድ፣ በግራና በቀኝ የሚኖረውን ሰው እያስቆመ የሚጠይቅ ሰው ነው።

የአሜሪካ አውራ ጎዳና ለዓለም ሕዝብ የተዋወቀው በአብዛኛው በሆሊውድ ሲኒማና በመኪና ፋብሪካዎች ማስታወቂያ አማካይነት መሆኑ የታወቀ ነው። ሥዕሉም ምን ጊዜም አንድ ነው፤ እስከ አድማስ የተዘረጋ ቀጥ ያለ መንገድ፣ ጣሪያው የተከፈተ መኪና፣ ከማንም ምንም የማይፈልግ ነፃ ሰው። ይህ ሥዕል ፈጽሞ ሐሰት ነው አንልም። መንገዱ በእርግጥ አለ፤ በእርግጥም ያፈጥናል። ነገር ግን አስፋልቱን ያነጠፈው ላብ አደር፣ ቤቱ የፈረሰበት ተከራይ፣ መኪና ስለሌለው ከገበያውም ከሐኪም ቤቱም የራቀው ሽማግሌ ከሥዕሉ ውጭ ቀርተዋል። ከሥዕሉ ውጭ የቀሩትን ሰዎች ፍለጋ ካሜራ ተሸክሞ መንገድ ስለገባ አንድ የፊልም ሰው፣ እርሱን ምክንያት በማድረግም ስለዚያ አገር መንገዶች ጥቂት ማለት የወደድነው ለዚህ ነው። (በጽሑፉ ውስጥ የሚጠቀሱት ዓመታት እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ሮበርት ክሬመር በ1939 በኒው ዮርክ ከሐኪም ቤተሰብ የተወለደ አሜሪካዊ ነበር። በ1960ዎቹ አጋማሽ በኒውአርክ ከተማ በጥቁሮች ሰፈር ነዋሪዎችን በማደራጀት ሥራ ተሳትፏል። በ1967 ኒውስሪል የተባለውን የፊልም ሠራተኞች ስብስብ ከመሠረቱት አንዱ እሱ ነው። ስብስቡ የቬትናምን ጦርነት ተቃውሞና የጭቁኑን ሕዝብ ትግል፣ ማለትም የንግድ ቴሌቪዥን ሊያሳየው ያልፈለገውን ሁሉ እየቀረጸ በየአዳራሹ ያሳይ ነበር። ክሬመር በ1969 ሰሜን ቬትናም ድረስ ሄዶ ከጓደኞቹ ጋር ፊልም ሠርቷል። ወደ 1970ዎቹ መገባደጃ ግን አገሩን ለቆ ኑሮውን በፈረንሳይ አደረገ፤ በ1999 ያረፈውም እዚያው ነው።

«ሩት ዋን ዩኤስኤ» የተሰኘው ዘጋቢ ፊልሙ በ1989 ለሕዝብ ቀረበ። ርዝመቱ ከ4 ሰዓት በላይ ነው። የሚከተለውም የአሜሪካን አንደኛ ቁጥር መንገድ፣ ማለትም በሜይን ክፍለ ግዛት ከካናዳ ወሰን ተነስቶ በምሥራቁ ጠረፍ ወደ 3,800 ኪሎ ሜትር ያህል እየወረደ በፍሎሪዳ ጫፍ ኪ ዌስት ደሴት ላይ የሚያበቃውን አሮጌ ጎዳና ነው። ከካሜራው ፊት የሚጓዘው «ዶክ» የሚባል ሐኪም ሲሆን፣ በአፍሪካ ለዓመታት ቆይቶ ወደ አገሩ የተመለሰ ሰው ሆኖ በተዋናይ የቀረበ ፈጠራ ነው። የሚያገኛቸው ሰዎች ግን እውነተኞች ናቸው። ክሬመር ራሱ ካሜራውን ይዞ ከኋላ ይከተላል፤ ድምፁም አልፎ አልፎ ይሰማል።

በዚህ ጎዳና ላይ ምን ታየ? በሜይን የቀደምት ሕዝቦች መንደር አለ። በኒው ሃምፕሸር ለፕሬዚዳንትነት የሚወዳደረው ሰባኪ ፓት ሮበርትሰን ደጋፊዎቹን ሰብስቧል። መሬትና ቤት መግዛትን፣ ተከራይን ማስከፈልን፣ በመጨረሻም ባላጋራን ማራቆትን የሚያስተምረው ሞኖፖሊ የተባለው የልጆች ጨዋታ በፋብሪካ እየተመረተ በካርቶን ይታሸጋል፤ ማሸጊያው ዘንድ የቆሙት ሠራተኞች ናቸው። በዋሽንግተን በቬትናም ጦርነት ያለቁት አሜሪካውያን ስም የተቀረጸበት ጥቁር ግንብ አለ። በማያሚ ከሄይቲ የተሰደዱ ሰዎች ኑሮ አለ። ዶክ በጉዞው መካከል ይታክተዋል፤ አላፊ ተመልካች መሆን ይበቃኛል፣ አንድ ቦታ ቆሜ ሥራ ልያዝ ብሎ ከጓደኛው ይለያል። በእኛ አስተያየት የፊልሙ ትልቁ ቁም ነገር ይህ ነው። ሰውን በመስኮት እያዩ ማለፍና ከሰው ጋር መኖር የተለያዩ መሆናቸውን ሐኪሙ ከካሜራው ቀድሞ ተረድቶታል።

ክሬመር አሮጌውን ጎዳና የመረጠበትን ምክንያት ለመረዳት ከጎኑ የተዘረጋውን አዲሱን መንገድ መመልከት ያስፈልጋል። አንደኛ ቁጥር መንገድ ስሙን ያገኘው በ1926 የአሜሪካ መንገዶች በቁጥር ሲሰየሙ ነው። በየከተማው መካከል ያልፍ ነበር፤ መንገደኛው በየምግብ ቤቱ፣ በየነዳጅ ማደያው፣ በየሱቁ ይቆም ነበር። ከዚያም 1956 መጣ። ፕሬዚዳንት አይዘንሃወር በዚያ ዓመት በሰኔ ወር የፈረሙት ሕግ 66,000 ኪሎ ሜትር ያህል ርዝመት ያለው መስቀለኛ መንገድ የሌለው ፈጣን አውራ ጎዳና እንዲሠራ 25 ቢሊዮን ዶላር መደበ። ከወጪው 90 በመቶውን የሚሸፍነው የፌዴራሉ መንግሥት ሆነ። ገንዘቡም የሚሰበሰበው በአብዛኛው በነዳጅ ላይ ከሚጣል ቀረጥ ነበር። ዛሬ የዚህ መንገድ ጠቅላላ ርዝመት ከ77,000 ኪሎ ሜትር በላይ ደርሷል። በምሥራቁ ጠረፍ የሚሄደው 95ኛ ቁጥር ፈጣን መንገድ ከአንደኛ ቁጥር ጎዳና ጎን ለጎን ሲዘረጋ ጭነቱም መንገደኛውም ወደዚያ ዞረ፤ በአሮጌው ጎዳና ዳር ይኖር የነበረውም ሕዝብ ሲያልፉ የማይታይ ሆነ።

እዚህ ላይ ፍርዳችን ሚዛናዊ መሆን አለበት። ፈጣኑ መንገድ እንደ ምህንድስና ሥራ ታላቅ ነው። የእርሻ ምርትን ከገበያ፣ ፋብሪካን ከወደብ አገናኝቷል። መኪና ከመኪና ፊት ለፊት የሚጋጭበትን ዕድል በመቀነሱም ከአሮጌዎቹ መንገዶች ይልቅ ለሕይወት አስጊነቱ ያነሰ ነው። ጥያቄያችን ማን ወሰነው የሚለው ነው። በ1954 ስለዚሁ መንገድ አጥንቶ እንዲያቀርብ በፕሬዚዳንቱ የተሰየመው ኮሚቴ ሰብሳቢ ጄኔራል ሉሽየስ ክሌይ ነበሩ። ጄኔራሉ የጄኔራል ሞተርስ የዲሬክተሮች ቦርድ አባል ነበሩ። ከሌሎቹ አባላት አንዱ የታላቅ የሕንፃና መንገድ ሥራ ተቋራጭ ባለቤት፣ አንዱ የባንክ ኃላፊ፣ አንዱ የከባድ መሣሪያዎች ፋብሪካ ኃላፊ፣ አንዱ ደግሞ የከባድ መኪና ነጂዎች የሠራተኛ ማኅበር ፕሬዚዳንት ነበሩ። መኪና የሚሠራው፣ መንገድ የሚሠራው፣ ገንዘብ የሚያበድረው፣ ጭነት የሚነዳውም ወንበር ነበረው። መንገዱ በጓሮው የሚያልፍበት የከተማ ነዋሪ ግን ወንበር አልነበረውም።

ነገሩም ያለ ዝግጅት አልመጣም። በ1939 በኒው ዮርክ በተከፈተው የዓለም ትርዒት ላይ ጄኔራል ሞተርስ «ፊውቹራማ» የሚባል ግዙፍ ሞዴል አሳይቶ ነበር። ተመልካቹ በሚንቀሳቀስ ወንበር ላይ ተቀምጦ ከ20 ዓመት በኋላ የሚመጣውን የፈጣን መንገድና የመኪና ዓለም ቁልቁል ይመለከታል። በዚያው ትርዒት «ከተማው» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ስለ ተጨናነቀው የከተማ ኑሮ መታየቱ የሚገርም አጋጣሚ ነው፤ ለሕዝብ ስሜት ግን ተንቀሳቃሹ ወንበር ሳይበልጥ አልቀረም። የትራሙም ጉዳይ ከዚህ ተለይቶ የሚታይ አይደለም። ጄኔራል ሞተርስ፣ የካሊፎርኒያው ስታንዳርድ ኦይልና የጎማ ፋብሪካው ፋየርስቶን ናሽናል ሲቲ ላይንስ በሚባል ድርጅት ገንዘብ በማፍሰስ በብዙ ከተሞች ትራሞች በአውቶቡስ እንዲተኩ አድርገዋል። በ1949 ፍርድ ቤት ለእነዚህ ድርጅቶች የአውቶቡስ፣ የነዳጅና የጎማ ሽያጭን በሞኖፖል ለመያዝ አሲረዋል ብሎ ጥፋተኛ አላቸው። በጄኔራል ሞተርስ ላይ የተጣለው ቅጣት 5,000 ዶላር ነበር። ትራሙን የገደለው ይህ ሤራ ብቻ ነው ማለት ግን ከእውነት ይርቃል፤ ብዙዎቹ የትራም ኩባንያዎች አስቀድሞም በኪሣራ ላይ ነበሩ። ሆኖም በሞት አፋፍ ላይ ያለን በሽተኛ መግፋትና ማስታመም አንድ አይደሉም።

አሁን ወደ ሰፈሩ እንግባ። ፈጣኑ መንገድ በገጠር ሲያልፍ እርሻ ይቆርጣል፤ ከተማ ሲገባ ግን ቤት ይቆርጣል። መሐንዲሱ መሬት ርካሽ የሆነበትን፣ ቤቱ ያረጀበትን፣ ነዋሪው በምክር ቤት ተሰሚነት የሌለውን ሰፈር ፈልጎ መስመሩን ያሰምራል። በአሜሪካ ይህ ሰፈር አብዛኛውን ጊዜ የጥቁሮች ሰፈር ነበር። በዲትሮይት ብላክ ቦተም፣ በሴንት ፖል ሮንዶ፣ በኒው ኦርሊንስ በትላልቅ ዛፎች ጥላ ሥር ሕዝብ ይሰበሰብበት የነበረው የክሌይቦርን ጎዳና ሁሉም በዚህ መንገድ ጠፍተዋል። የአገሪቱ የትራንስፖርት መሥሪያ ቤት ራሱ ያወጣው አኃዝ በፈጣኑ መንገድ ግንባታ ከ475,000 በላይ ቤተሰቦች፣ ይህም ማለት ከ1 ሚሊዮን በላይ ሰዎች መፈናቀላቸውን ያመለክታል።

በክሬመር ጎዳና መጨረሻ ላይ የምትገኘውን ማያሚን ብቻ እንውሰድ። ኦቨርታውን የሚባለው ሰፈር የተቆረቆረው ጥቁሮች በሌላው የከተማው ክፍል እንዳይኖሩ በተከለከሉበት ዘመን ሲሆን፣ የመጀመሪያ ነዋሪዎቹ የባቡር ሐዲዱን የሠሩ ሠራተኞች ነበሩ። በማያሚ ቢች ትላልቅ ሆቴሎች የሚዘፍኑ ታዋቂ ጥቁር አርቲስቶች በዘፈኑበት ሆቴል ማደር ስለማይፈቀድላቸው ሌሊቱን ወደ ኦቨርታውን ይመለሱ ነበር፤ ሰፈሩም እስኪነጋ በሙዚቃ ይደምቅ ነበር። በ1960ዎቹ 95ኛ ቁጥር ፈጣን መንገድ ከነግዙፍ ማሳለጫው መሐል ሰፈሩ ላይ ዐረፈ። ወደ 40,000 ይጠጋ የነበረው ነዋሪ ወደ 10,000 ገደማ ዝቅ አለ። የቤት ባለቤቱ ዋጋ ተከፈለው፤ ተከራዩ ግን ዕቃውን ተሸክሞ ሄደ። ለተፈናቀሉ ሰዎች ወጥ የሆነ የመዛወሪያ ክፍያና ርዳታ በፌዴራል ደረጃ የተደነገገው በ1970 በወጣው ሕግ ሲሆን፣ በዚያን ጊዜ የኦቨርታውን ሰዎች ተበትነው አልቀው ነበር። ባለሱቁ ደንበኛውን፣ ቤተ ክርስቲያኑ ምእመኑን፣ ልጅ የምትጠብቀው ጎረቤት ልጁን አጣች። ለዚህ ኪሣራ የተዘጋጀ የካሣ ቅጽ አልነበረም።

ስለ መንገዱ ባህል ሲነገርም ይኸው ቅራኔ ተመልሶ ይመጣል። የአሜሪካ መንገድ የራሱን ባህል ፈጥሯል። ሞቴሉ፣ ከመኪና ሳይወርዱ የሚበላበት ምግብ ቤት፣ ከመኪና ሳይወርዱ የሚታየው ሲኒማ የዚህ ባህል ልጆች ናቸው። የነፃነት ባህል ነው ተብሎም ተዘፍኖለታል። ይሁን እንጂ ቪክቶር ሁጎ ግሪን የተባለ የኒው ዮርክ ፖስታ አዳይ ከ1936 ጀምሮ ለጥቁር መንገደኞች መመሪያ መጽሐፍ ሲያሳትም ኖሯል፤ በየትኛው ከተማ በየትኛው ቤት ሳይዋረዱ መብላት፣ ማደርና ነዳጅ መቅዳት እንደሚቻል የሚዘረዝር መጽሐፍ ነበር። አሳታሚው ካለፈም በኋላ መጽሐፉ እስከ 1960ዎቹ አጋማሽ ታትሟል። በ1961 ደግሞ ከኒው ዮርክ ወደ ዋሽንግተን የሚጓዙት የቻድ አምባሳደር በ40ኛ ቁጥር መንገድ ላይ ሜሪላንድ ውስጥ ወደ አንድ ምግብ ቤት ገብተው በቆዳቸው ቀለም ምክንያት አናስተናግድም ተባሉ። ነፃነታቸውን ገና የተቀዳጁ የአፍሪካ አገሮች ዲፕሎማቶች በዚያው መንገድ ላይ ተመሳሳይ ውርደት በተደጋጋሚ ስለደረሰባቸው ጉዳዩ የዋሽንግተንን መንግሥት በዓለም ፊት አሳፈረ። በመንገዱ ዳር የሚኖሩት ጥቁር ዜጎች ለዘመናት ሲቀምሱት የኖሩት ውርደት መነጋገሪያ ለመሆን አምባሳደር ያስፈልገው ነበር ማለት ነው!

ሕዝቡስ ዝም አለ? አላለም። በተለይ ለነዋሪዎች ማኅበራት አባላት የቦስተን ታሪክ በዝርዝር ቢነገር ይጠቅማል ብለን እናምናለን። በዕቅዱ መሠረት 95ኛ ቁጥር መንገድ ሮክስቤሪንና ጃማይካ ፕሌንን ሰንጥቆ ወደ መሐል ከተማው መግባት ነበረበት፤ ሌላ ቀለበት መንገድ ደግሞ ካምብሪጅንና ሶመርቪልን ይከፋፍል ነበር። ቤቶች መፍረስ ጀምረው፣ ሜዳው አቧራ ሆኖ ነበር። በዚህ ጊዜ በሌላ ጉዳይ የማይስማሙ ሰፈሮች፣ የጥቁሮችና የነጮች፣ የሠራተኞችና የተማሪዎች ሰፈሮች አንድ ሆኑ። በባቡር ሐዲዱ ግንብ ላይ ከአውራ ጎዳና በፊት ሰው ይቅደም የሚል መፈክር በትልቁ ተጻፈ። በጥር 1969 ሰልፈኛው ወደ ክፍለ ግዛቱ ምክር ቤት ወጣ። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር ይሏል ይህ ነው።

የቦስተን ነዋሪዎች ብልሃት ግን በሰልፍ ብቻ የቆመ አልነበረም። ባለሙያ አስተባብረዋል። ከከተማው ዩኒቨርሲቲዎች የመጡ መሐንዲሶችና የፕላን ባለሙያዎች የመንግሥትን ስሌት እያገላበጡ ስሕተቱን ለነዋሪው ያስረዱ ነበር። ከነዚህ አንዱ ፍሬድ ሳልቩቺ ነው፤ የሴት አያቱ ቤት በሌላ ፈጣን መንገድ ምክንያት የተወሰደ ስለነበር ጉዳዩን ከመጽሐፍ ብቻ አልተማረውም። አገረ ገዢው ፍራንሲስ ሳርጀንት ቀደም ሲል የክፍለ ግዛቱ የሕዝብ ሥራዎች ኃላፊ ሆነው እነዚሁን ዕቅዶች የደገፉ ሰው ነበሩ። በ1970 ግን በቴሌቪዥን ቀርበው ዕቅዱ ስሕተት መሆኑን ተናግረው ሥራውን አገዱ፤ በኋላም ሰረዙት። በ1973 የወጣው የፌዴራል ሕግ ለተሰረዘ መንገድ የተመደበ ገንዘብ ለሕዝብ ማመላለሻ እንዲውል ፈቀደ። መንገዱ ሊያልፍበት በተመነጠረው መሬት ላይ በ1987 ባቡር መሄድ ጀመረ፤ በላዩና በዳሩም የነዋሪዎች መናፈሻ ተሠራ። 95ኛ ቁጥር መንገድ እስከ ዛሬ ከተማውን ዞሮ ያልፋል።

እግረ መንገዳችንን አንድ ነገር እንጨምር። ይኸው መንገድ በኒው ጀርሲም ተቆርጦ ነበር፤ ያስቆሙት ኑሯቸው የተደላደለ የገጠር ከተማ ነዋሪዎች ናቸው። መንገዱ ያለማቋረጥ የተያያዘው በ2018 ነው። ባለጸጋው ሲቃወም መንገድ 30 እና 40 ዓመት ይጠብቃል። የኦቨርታውን ሰው ግን የጠበቀው አልነበረም።

ጉዳዩ ከእኛም ሰዎች የራቀ አይደለም። አንደኛ ቁጥር ጎዳና በቨርጂኒያ አሌክሳንድሪያን አቋርጦ፣ ዋሽንግተን ገብቶ ወደ ሜሪላንድ ይወጣል። በእነዚህ ከተሞች ታክሲ የሚነዱ፣ በመኪና ማቆሚያ የሚሠሩ፣ ምግብ ቤትና ሱቅ የከፈቱ ኢትዮጵያውያን ቁጥር ቀላል እንዳልሆነ የማያውቅ የለም። ዋሽንግተን ውስጥ የሚመላለሱበት የምድር ባቡር በ1976 ሥራ የጀመረው የዚያች ከተማ ጥቁርና ነጭ ነዋሪዎች በየሰፈራቸው ሊያልፍ የነበረውን ፈጣን መንገድ ታግለው ካስቆሙ በኋላ፣ ለመንገዱ ታስቦ ከነበረውም ገንዘብ ተካፍሎ ነው። በአገራችንም የአውራ ጎዳና ባለሥልጣን በ1943 ዓ.ም. (1951) ከዓለም ባንክ በተገኘ ብድር ሲቋቋም በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የመሩት ከአሜሪካ የሕዝብ መንገዶች ቢሮ የመጡ ባለሙያዎች ነበሩ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ የፈጣኑን መንገድ ሥራ በበላይነት የተቆጣጠረው ያው ቢሮ ነው። ከእነዚህ ባለሙያዎች ጠቃሚ ሙያ መገኘቱ አይካድም፤ የትኛው ስሌት ምን እንደሚቆጥርና ምን ሳይቆጥር እንደሚያልፍ መመርመር ግን የተቀባዩ ፋንታ ነው።

ስለ መንገድ ተነስቶ ስለ መንገድ ሠራተኛ ሳይነገር ማለፍ አይገባም። ክሬመር የደረሰበት ኪ ዌስት በ1912 በባቡር ከዋናው መሬት ጋር ተገናኝቶ ነበር። በ1930ዎቹ የመኪና መንገድ እንዲሠራ ሲታሰብ ለሥራው ከተላኩት መካከል የአንደኛው የዓለም ጦርነት የቀድሞ ወታደሮች ይገኙ ነበር። ከእነርሱ ብዙዎቹ ቃል የተገባላቸው ገንዘብ እንዲከፈላቸው ዋሽንግተን ላይ ሰልፍ የወጡ ሥራ አጦች ናቸው። በባሕር ዳር ዝቅ ብሎ በሚገኝ መሬት ላይ በቀላል መጠለያ ሰፈሩ። መስከረም 2 ቀን 1935 ከባድ አውሎ ነፋስ ደረሰ፤ ዕለቱ የአሜሪካ የሠራተኞች በዓል ነበር። ሠራተኞቹን እንዲያወጣ የታዘዘው ባቡር ዘግይቶ ተነሣ፤ ማዕበሉም ከሐዲዱ ላይ ጠራርጎ ጣለው። ከ400 በላይ ሰዎች ሞቱ፤ የሚበዙት እነዚያው የቀድሞ ወታደሮች ነበሩ። መንገዱ በ1938 በፈረሰው የባቡር መስመር ድልድዮች ላይ ተሠርቶ ተከፈተ። ዛሬ ጎብኚው ባሕሩን በግራና በቀኝ እያየ ይነዳበታል።

ይህ የጥንት ታሪክ ብቻ ነው የሚል ካለ መጋቢት 26 ቀን 2024ን ያስታውስ። በባልቲሞር ወደብ ኃይል የተቋረጠበት ግዙፍ የጭነት መርከብ ሌሊት የፍራንሲስ ስኮት ኪ ድልድይን ምሰሶ መታው፤ ድልድዩም በሰከንዶች ውስጥ ተናደ። ፖሊስ አስቀድሞ ትራፊኩን በማቆሙ የብዙ ነጂዎች ሕይወት ተረፈ። በድልድዩ ላይ የተቦረቦረ አስፋልት ሲሞሉ ለነበሩት ሠራተኞች ግን ማስጠንቀቂያው አልደረሰም። 6 ሞቱ፤ ሁሉም ከላቲን አሜሪካ አገሮች ለእንጀራ የተሰደዱ ላብ አደሮች ነበሩ።

በክሬመር ፊልም ላይ አንድ ነቀፌታ አለን። ካሜራው በመንገዱ ዳር የተጣለውን ሰው በአክብሮት ያዳምጣል፤ መስመሩ በካርታ ላይ ወደተሰመረበት ቢሮ ግን አይገባም። በመሆኑም ተመልካቹ ቁስሉን ያያል፤ ያቆሰለውን እጅ ለማወቅ ሌላ ቦታ መፈለግ ይኖርበታል። ይህ ጉድለት እያለም ሥራው ከብዙዎቹ የጉዞ ፊልሞች በእጅጉ የላቀ ነው፤ ዕድሉን ያገኘ የሠራተኛም ሆነ የነዋሪዎች ማኅበር በአዳራሹ ቢያሳየው ረጅምነቱ የሚያሰለች አይሆንም።

በ2021 የወጣው የአሜሪካ የመሠረተ ልማት ሕግ በመንገድ የተከፋፈሉ ሰፈሮችን መልሶ ለማገናኘት 1 ቢሊዮን ዶላር መድቧል። በሲራኪዩስ ከተማ በጥቁሮች ሰፈር ላይ ተንጠልጥሎ የኖረው የ81ኛ ቁጥር መንገድ ድልድይ እንዲፈርስ ተወስኖ ሥራው በ2023 ተጀምሯል። የሰፈሩ ሰዎች ድልድዩ መፍረሱን አይጠሉም። በየስብሰባው የሚያነሡት ጥያቄ ጥላው ሲገፈፍ የመሬቱ ዋጋ ይወጣል፣ ያን ጊዜ ኪራዩን የምንችለው እኛ ነን ወይስ ሌላ የሚል ነው።